ልጆች ከትምህርት ቤት ውጭ በሚያሳልፉት ሰዓት የወላጅ ድርሻ

በነቀምቴ፣ በጊምቢ፣ በሻምቡም ሆነ በደምቢ ዶሎ በፈረቃ የሚማር አንድ የመጀመሪያ ደረጃ ተማሪ በቀን አራት ሰዓት ያህል በክፍል ውስጥ ይቀመጣል እንበል። ዓመቱ 200 የትምህርት ቀናት ቢኖሩት ድምሩ 800 ሰዓት ይሆናል። ይኸው ልጅ በቀን 14 ሰዓት ነቅቶ ቢውል በዓመት ከ5,100 ሰዓት በላይ ነቅቶ ያሳልፋል። መምህሩ የሚያገኘው ከዚህ ውስጥ አንድ ስድስተኛውን እንኳ አይሞላም። የቀረው በቤት፣ በማሳ፣ በገበያ፣ በመንገድና በጨዋታ የሚያልፍ ነው።

ይሁን እንጂ በገጠርም በከተማም ብዙ ወላጆች ትምህርት የትምህርት ቤት ጉዳይ ብቻ እንደሆነ ያስባሉ። በተለይ ራሳቸው የመማር ዕድል ያላገኙ አባቶችና እናቶች «እኔ ፊደል ሳልቆጥር ልጄን ምን አግዘዋለሁ?» ሲሉ ይሰማሉ። ጥያቄው የሚነሣው ከቅንነት ነው፤ ውጤቱ ግን ልጁ ከትምህርት ቤት በር ከወጣ በኋላ ስለ ትምህርቱ የሚጠይቀው ሰው እንዳይኖር ማድረግ ነው። ከዚህ በታች የሚቀርበው ሐሳብ ማንበብ የማይችል ወላጅ ሊሠራው ከሚችለው ይጀምራል፤ ምክንያቱም ለልጅ ትምህርት እጅግ የሚጠቅሙት ነገሮች አብዛኞቹ ማንበብን የማይጠይቁ ናቸውና።

ማንበብ በጊዜው ካልመጣ

በ2002 ዓ.ም. አፋን ኦሮሞንና አማርኛን ጨምሮ በስድስት ቋንቋዎች በኢትዮጵያ የታችኛው ክፍል ተማሪዎች የንባብ ችሎታ ተፈትሾ ነበር። በዚያ ፈተና ከ2ኛ ክፍል ተማሪዎች 34 በመቶው ለክፍላቸው ከተዘጋጀው አጭር ታሪክ አንዲት ቃል እንኳ ማንበብ አልቻሉም። በ3ኛ ክፍል ቁጥሩ ወደ 20 በመቶ ዝቅ ቢልም፣ ካነበቡት ላይ ለቀረበላቸው ጥያቄ አንድም ትክክለኛ መልስ ያልሰጡት 30 በመቶ ነበሩ። ይህ ማለት ፊደል መለየት የጀመሩትም ቢሆኑ የሚያነቡት ነገር ትርጉሙ አይገባቸውም ነበር ማለት ነው።

ከዚያ ወዲህ ብዙ ነገር ተለውጧል፤ መጻሕፍቱም ሥርዓተ ትምህርቱም ተቀይረዋል። ሆኖም የ12ኛ ክፍል ብሔራዊ ፈተና በዩኒቨርሲቲዎች ውስጥ መሰጠት ከጀመረ ወዲህ የታየው ውጤት ሁሉንም ያስደነገጠ ነው። ግማሽና ከዚያ በላይ ያመጡት በ2014 ዓ.ም. 3.3 በመቶ፣ በ2015 ዓ.ም. 3.2 በመቶ፣ በ2016 ዓ.ም. ደግሞ 5.4 በመቶ ነበሩ። የዚህን ውድቀት ምክንያት አንድ ነገር ላይ ብቻ ማሳበብ ስሕተት ይሆናል። ነገር ግን በ3ኛ ክፍል አንብቦ መረዳት ያቃተው ልጅ በ4ኛ ክፍል የሳይንስና የሒሳብ መጽሐፉን የሚከፍተው በምን አቅም እንደሆነ መገመት አያስቸግርም። ልጁ ለመምህሩ ዝም ይላል፤ ከሰሌዳ ይገለብጣል፤ ከክፍል ወደ ክፍልም ያልፋል። ወላጅ ነገሩን የሚያውቀው የ6ኛ ወይም የ8ኛ ክፍል ክልላዊ ፈተና ሲወድቅ ነው። ያን ጊዜ ግን መመለሻው ረጅም ነው።

ስለዚህ ከ1ኛ እስከ 3ኛ ክፍል ባሉት ዓመታት ወላጅ ሊከታተለው የሚገባው ዋናው ነገር ደረጃ ወይም «ስንተኛ ወጣህ?» የሚለው አይደለም። ልጁ ያነብባል ወይ? ያነበበውን በራሱ ቃል ይናገራል ወይ? ይህን ለማወቅ ወላጅ ማንበብ መቻል የለበትም። መጽሐፉን አስከፍቶ ጮክ ብሎ እንዲያነብ ማድረግ፣ ከዚያም መጽሐፉን አስዘግቶ «ምን ይላል?» ብሎ መጠየቅ ብቻ ይበቃል። የሚያነብ ልጅ ይተርካል። በቃሉ ሸምድዶ የያዘ ልጅ ግን ከመካከል ጀምር ሲባል ይደናቀፋል፤ ገጹ ቢገለጥበትም ያንኑ የለመደውን ይደግማል። ይህ ፈተና አሥር ደቂቃ አይፈጅም።

ምድጃ ዳር ያለው መጽሐፍ

ወለጋ በዚህ ጉዳይ ላይ የራሷ ታሪክ አላት። አስቴር ጋኖ በልጅነቷ ለባርነት የተዳረገች፣ በኋላም ነጻ ወጥታ በምጽዋ አቅራቢያ በእምኩሉ የስዊድን ወንጌላዊ ሚሲዮን ትምህርት ቤት የተማረች የኦሮሞ ሴት ነበረች። እሷና ኦኔሲሞስ ነሲብ (አባ ገመቺስ) ለአፋን ኦሮሞ የመጀመሪያ የሚባለውን የንባብ መጽሐፍ ሲያዘጋጁ አስቴር በቃሏ የያዘቻቸውን 500 ያህል እንቆቅልሾች፣ ተረቶች፣ ምሳሌያዊ አነጋገሮችና ዘፈኖች ጻፈች። መጽሐፉ በግዕዝ ፊደል ተዘጋጅቶ እ.ኤ.አ. በ1894 ታተመ፤ ከእነዚያም ብዙዎቹ በውስጡ ተካተቱ። ሁለቱም እ.ኤ.አ. በ1904 ወደ ወለጋ መጥተው በቦጂ፣ ኋላም በነቀምቴ አስተምረዋል። ኦኔሲሞስ እ.ኤ.አ. በ1931 ያረፈው በነቀምቴ ነው።

እዚህ ላይ ልብ ሊባል የሚገባው ነገር አለ። ያ የንባብ መጽሐፍ ከውጭ የመጣ ታሪክ አልነበረም። ልጆች ማታ ማታ ከእናትና ከአያት የሚሰሙት ነበር፤ አስቴር ያደረገችው የምታስታውሰውን ወደ ወረቀት ማምጣት ነው። ዛሬም በነቀምቴ ዙሪያ ገጠር በእሳት ዳር የሚወራው ኦዱ ዱሪ፣ የሚጠየቀው ሂቦ፣ በአማርኛም እንቆቅልሽ የምንለው፣ ለንባብ መሠረት የሚሆን ሀብት ነው። እንቆቅልሽ የሚፈታ ልጅ አንድን ነገር በሌላ ነገር ምልክት ያውቃል፤ ይህ ደግሞ አንብቦ ከመረዳት ብዙም የራቀ ችሎታ አይደለም። መልሱ የጠፋበት ልጅ «አገር ስጠኝ» ሲባል አገር መርጦ የሚሰጠው እንኳ የአካባቢውን ስም እያጠና ነው።

ታዲያ ተረት መንገር ብቻውን ጥሩ ቢሆንም፣ ልጁን ተሳታፊ ማድረግ ይበልጣል። ተረቱን መካከል ላይ አቁሞ «ከዚህ በኋላ ምን የሚሆን ይመስልሃል?» ማለት፣ በማግሥቱ ደግሞ ልጁ ራሱ ለታናናሾቹ እንዲተርክ ማድረግ፣ መጻፍ የቻለውም አያቱ የነገሩትን በደብተሩ እንዲያሰፍር መጠየቅ ይቻላል። ከ1984 ዓ.ም. ወዲህ በኦሮሚያ የመጀመሪያ ደረጃ ትምህርት በአፋን ኦሮሞና በቁቤ መሰጠት በመጀመሩ ልጁ የአያቱን ቃል በተማረበት ቋንቋ ለመጻፍ የሚያግደው ነገር የለም። በቤታቸው አማርኛ የሚናገሩ ቤተሰቦችም እንዲሁ በአማርኛ ሊያደርጉት ይችላሉ።

አንዳንድ የከተማ ወላጆች ልጆቻቸው እንግሊዝኛ እንዲለምዱ በማሰብ በቤት ውስጥ አፋቸውን የፈቱበትን ቋንቋ ይተዋሉ። እነርሱ ራሳቸው በደንብ በማይናገሩት ቋንቋ ልጃቸውን ሲያነጋግሩ ንግግሩ «ና»፣ «ሂድ»፣ «ብላ» ከሚሉ ትእዛዞች አያልፍም። ልጁ ከወላጁ የሚያገኘው የቃላት ሀብት በዚሁ ይመነምናል። እንግሊዝኛን መማር ይገባል፤ በቤት ግን በሚችሉት ቋንቋ ብዙ መነጋገር ይሻላል።

ከጃማይካ የተገኘ ማስረጃ

ይህ ምክር በጎ ምኞት ብቻ እንዳልሆነ የሚያሳይ ጥናት በካሪቢያን ደሴት አገር በጃማይካ ተካሂዷል። እ.ኤ.አ. በ1980ዎቹ አጋማሽ በዋና ከተማዋ በኪንግስተን ድሃ ሰፈሮች ውስጥ ዕድገታቸው የቀጨጨ 129 ሕፃናት ተመርጠው ነበር። ከእነርሱ ከፊሎቹ ቤት የማኅበረሰብ ጤና ሠራተኞች በሳምንት አንድ ጊዜ ለአንድ ሰዓት ያህል ይሄዱ ነበር። ሥራቸውም እናቶች ከልጆቻቸው ጋር እንዲያወሩና እንዲጫወቱ ማሳየት ነበር፤ መጫወቻዎቹ በእጅ የተሠሩ ነበሩ። ፕሮግራሙ ለሁለት ዓመት ቆየ። ተመራማሪዎቹ ከ20 ዓመት በኋላ እነዚያን ልጆች ፈልገው ሲያገኟቸው፣ እንዲህ ያለ ክትትል ካላገኙት ይልቅ ገቢያቸው በ25 በመቶ ብልጫ ነበረው። ውድ መጫወቻ አልተገዛም፤ የተጨመረው እናት ከልጇ ጋር የምታወራበትና የምትጫወትበት ጊዜ ነው።

በወለጋ ቤት ውስጥ መጫወቻ የሚሆን ነገር አይጠፋም። የበቆሎ ቆረቆንዳ፣ የፕላስቲክ ጠርሙስ ክዳን፣ ጠጠር፣ የሸክላ ስባሪ፣ የባቄላ ፍሬ ሁሉ ይቆጠራል፣ ይመደባል፣ ይደረደራል። ቁጥርን ከሚያውቁት ነገር ጋር ማያያዝ በኦሮሞ የቃል ቆጠራ ውስጥም ያለ ልማድ ነው፤ ሦስት በጉልቻ፣ አራት በላም ጡት፣ አምስት በእጅ ጣት ይታወሳል።

ቡና፣ በቆሎና ሒሳብ

ቁጥር ግን በአምስት ዓመት ሕፃን አያበቃም፤ የገበሬ ቤት በሒሳብ የተሞላ ነው። ቡና በፈረሱላ ይሸጣል፤ አንድ ፈረሱላ 17 ኪሎ ነው። የ5ኛ ክፍል ልጅ ሦስት ተኩል ፈረሱላ ስንት ኪሎ እንደሚሆን ይጠየቅ። 59 ተኩል ብሎ ከመለሰ ደግሞ በዕለቱ ገበያ ዋጋ ስንት ብር እንደሚያወጣ ያስላ። ከአምስት እስከ ስድስት ኪሎ ከሚሆን እሸት ቡና አንድ ኪሎ ያህል የተፈለፈለ ቡና ይገኛል፤ ልጁ ራሱ መዝኖ፣ አድርቆ፣ ቀሽሮ ይህ እውነት መሆኑን ቢያረጋግጥ፣ ጥምርታ የሚባለውን ትምህርት ከመጽሐፉ በፊት በእጁ ይዞታል።

በበቆሎ ማሳም እንዲሁ ነው። በመስመር ሲዘራ በፍሬና በፍሬ መካከል 30 ሳንቲ ሜትር ቢተው፣ በ30 ሜትር መስመር ላይ ስንት ፍሬ ይገባል? አብዛኛው ልጅ 100 ይላል። ገመድ ዘርግቶ ሲቆጥረው ግን 101 ሆኖ ያገኘዋል፤ መነሻው ላይ ያለችው ፍሬ ተረስታ ነበርና። እንዲህ ያለችውን ስሕተት በራሱ ዓይን አይቶ ያረመ ልጅ በቀላሉ አይረሳትም። አባትየው ቁጥር ባይጽፍም መልሱን ያውቃል፤ በእጁ ዘርቶታልና። ልጅ አባቱ የሚያውቀው ነገር እንዳለ ማየቱም ቀላል ጥቅም አይደለም።

በከተማም ቢሆን ሱቅ ተልኮ የሚሄድ ልጅ መልሱን ራሱ አስቦ ይምጣ፤ ለሳምንት የሚበቃውን የጤፍና የዘይት ወጪ በደብተር ይያዝ። ኳስ ለማየት ወደ ዲ.ኤስ.ቲ.ቪ ቤት የሚጋፋውንም ከመቆጣት በፊት የጎል ልዩነት እንዴት እንደሚሰላ መጠየቅ ጥሩ ነው። ከዜሮ በታች ያሉ ቁጥሮችን ብዙ ወንዶች ልጆች የሚለምዱት በዚያ ነው።

የቡና ለቀማ ወራት

ከሁሉ ይልቅ አስቸጋሪው ነገር የልጁ ጊዜ ነው። ቡና በምዕራብ ወለጋና በቄለም ወለጋ የሚለቀመው ከጥቅምት እስከ ጥር ባለው ጊዜ ሲሆን፣ ይህ የመጀመሪያው መንፈቅ ዓመት እምብርት ነው። እሸት ቡና ደግሞ አይጠብቅም፤ በጊዜው ካልተለቀመ ይረግፋል። የቤተሰቡ የዓመት ገንዘብ የሚመጣው ከዚያ በመሆኑ «ልጅ ፈጽሞ አይሥራ» የሚል ምክር ገበሬው ቤት አይደርስም። ልጅ ከወላጁ ጋር መሥራቱ ራሱ ትምህርት እንደሆነም መካድ አይቻልም።

ጉዳቱ የሚመጣው ሥራው የትምህርት ሰዓትን ሲበላ ነው። ሁለት ሳምንት በተከታታይ የቀረ የ2ኛ ክፍል ልጅ ሲመለስ ጓደኞቹ አዲስ ፊደላትንና ቃላትን አልፈው ያገኛቸዋል፤ መምህሩም ለእርሱ ብሎ ወደ ኋላ አይመለስም። ስለዚህ በለቀማ ወራት ቢያንስ ሁለት ነገሮች ይጠበቁ። በፈረቃ የሚማር ልጅ ከትምህርት ውጭ ባለው ግማሽ ቀን ይልቀም እንጂ የትምህርት ፈረቃው አይነካ። መቅረቱ የማይቀር ከሆነም አንድ ልጅ ሙሉውን ሳምንት ከሚቀር ልጆቹ ቀናቱን ይከፋፈሉ፤ የቀረው ልጅ በዚያው ምሽት የጓደኛውን ደብተር ተውሶ ይጻፍ። ጎረቤታሞች ከብት የሚጠብቁ ልጆቻቸውን በየተራ ቢያሰማሩም ለእያንዳንዱ ልጅ ነጻ ቀን ይተርፋል፤ ደቦን ለሚያውቅ ሕዝብ ይህ አዲስ ነገር አይደለም።

የሴት ልጅ ነገር ለብቻው መነሣት አለበት። ወንዱ ከብት አስገብቶ ሲያርፍ እሷ ውኃ ትቀዳለች፣ እንጨት ትለቅማለች፣ እራት ታበስላለች፣ ዕቃ ታጥባለች። መጽሐፍ የምትከፍተው ሁሉም ከተኛ በኋላ፣ ዓይኗ በኩራዝ ጭስ እየተቃጠለ ነው። በአንድ ቤት ውስጥ ወንዱ ውኃ ቢቀዳ የሚጎድል ነገር የለም፤ የምሽቱ አንድ ሰዓት ግን ለእሷ የዓመት ልዩነት ያመጣል። አነስተኛ የፀሐይ ብርሃን መብራት መግዛት ለቻለ ቤተሰብ ከብዙ ዕቃ ይልቅ የሚያዋጣው ይህ ነው።

ትምህርት ቤት ሲዘጋ

ከመጋቢት 7 ቀን 2012 ዓ.ም. ጀምሮ በኮሮና ወረርሽኝ ምክንያት የአገሪቱ ትምህርት ቤቶች ለወራት ተዘግተው ነበር። በወለጋ ዞኖች ደግሞ በጸጥታ ችግር የተነሣ ከዚያ በፊትም ከዚያም በኋላ ትምህርት የተቋረጠባቸው ብዙ ቀበሌዎች አሉ። ከቀያቸው ተፈናቅለው ዓመታትን ያለ ክፍል ያሳለፉ ልጆችም ጥቂት አይደሉም። በእንዲህ ያለ ጊዜ የቤት ትምህርት ብቸኛው ትምህርት ይሆናል።

ያን ጊዜ አዲስ ነገር ለማስተማር መጨነቅ አያስፈልግም። ልጁ የያዘውን እንዳይጥል ማድረግ ትልቅ ሥራ ነው። በየቀኑ በተወሰነ ሰዓት፣ ለምሳሌ ከቁርስ በኋላ፣ ያለውን መጽሐፍ አንድ ገጽ ያንብብ፣ አምስት መስመር ይጻፍ፣ ጥቂት ሒሳብ ይሥራ። መጽሐፍ ከጠፋ የዘይት ጀሪካን ላይ ያለው ጽሑፍ፣ የማዳበሪያ ጆንያው፣ የመድኃኒት ማሸጊያው ይነበባል። አዲሱ ሥርዓተ ትምህርት በስፋት መተግበር ከጀመረበት ከ2015 ዓ.ም. ወዲህ የታተመ መጽሐፍ ባልደረሰባቸው ቦታዎች ብዙ ተማሪዎች በስልክ የተጫነ መጽሐፍ ይጠቀማሉ፤ በአንድ መንደር አንድ ስልክ ላይ ያለው መጽሐፍ ለአሥር ልጅ ይበቃል፤ ዋና ዋናውን በደብተር መገልበጥ ነው።

ከክፍል ርቆ የቆየ ልጅ ሲመለስ በዕድሜ ከክፍል ጓደኞቹ ይበልጣል። የ12 ዓመት ልጅ ከ8 ዓመት ልጆች ጋር በ2ኛ ክፍል ሲቀመጥ ያፍራል፤ ብዙዎች ትምህርት የሚተዉትም በዚህ እፍረት ነው። በቤት ውስጥ በታናሹ ማነጻጸርና ማሾፍ ይህን ያባብሰዋል። ወላጅ ለእንዲህ ያሉ ልጆች የተፋጠነ ትምህርት በአካባቢው ይሰጥ እንደሆነ ትምህርት ቤቱን ወይም የወረዳውን ትምህርት ጽሕፈት ቤት ቢጠይቅ ይጠቅመዋል።

ከአንድ ቤት በላይ የሆነ ሥራ

ሁሉም ቤተሰብ ብቻውን ይህን አይችለውም። በምዕራብ ሸዋ ደንዲ ወረዳ ሴቭ ዘ ችልድረን በሠራው የንባብ ፕሮግራም ልጆች ከትምህርት በኋላ በመንደራቸው ተሰብስበው፣ አንድ ወጣት በጎ ፈቃደኛ እየመራቸው ያነብቡ ነበር። በሐዋሳ አካባቢ ደግሞ ዮሐንስ ገብረጊዮርጊስ የመሠረቱት ድርጅት በአህያ የሚጎተት ተንቀሳቃሽ ቤተ መጻሕፍት አዘዋውሯል። አህያ በወለጋም አልጠፋችም። ለእንዲህ ያለው ነገር ሕንፃ አያስፈልግም፤ የአንድ ዛፍ ጥላ፣ አሥር መጽሐፍና በክረምት ዕረፍት ከወለጋ ዩኒቨርሲቲም ሆነ ከሌላ ቦታ ወደ ቤቱ የተመለሰ አንድ ተማሪ ይበቃሉ። የ7ኛ ክፍል እኅት ለ1ኛ ክፍል ወንድሟ ብታነብለትም ሁለቱም ይጠቀማሉ።

አያቶችም በዚህ ቦታ አላቸው። በ1971 ዓ.ም. በተጀመረውና በ15 ቋንቋዎች በተካሄደው የመሠረተ ትምህርት ዘመቻ ማንበብ የተማሩ አረጋውያን ዛሬም አሉ። ያን ጊዜ አፋን ኦሮሞ በግዕዝ ፊደል ይጻፍ ስለነበር፣ አያት ፊደል ታነብባለች፣ የልጅ ልጇ ግን ቁቤ ያነብባል። አንዱ ሌላውን ቢያስተምር ሁለቱም ያተርፋሉ፤ ልጁም በትምህርት ቤት ለሚወስደው አማርኛ ፊደሉን ቀደም ብሎ ይለምዳል።

የነቀምቴ ነዋሪዎች ከዚህ በተጨማሪ በቅርባቸው የወለጋ ሙዚየምና የኩምሳ ሞረዳ ቤተ መንግሥት አሉላቸው። ልጅን ወስዶ ዝም ብሎ ከማዞር፣ ከዕቃዎቹ አንዱን መርጦ ምን እንደሆነ፣ ማን እንደሚጠቀምበት፣ በአያቱ ቤት ይኖር እንደሆነ ጠይቆ እንዲጽፍ ማድረግ ይሻላል። ለአስጠኚ በየወሩ የሚከፈለውን ገንዘብ በተመለከተም፣ አስጠኚው የቤት ሥራውን ራሱ እየሠራ የሚሰጥ ከሆነ ወላጁ የሚከፍለው ለልጁ ስንፍና ነው። ጥሩ አስጠኚ ልጁ ተሳስቶ እንዲያርም የሚታገሥ ነው።

ከመምህሩ ጋር መገናኘት የወላጅ መምህራን ኅብረት ስብሰባ እስኪጠራ መጠበቅ የለበትም። በመንፈቅ ዓመቱ መካከል አንድ ቀን ትምህርት ቤት ሄዶ «ልጄ ማንበብ ይችላል? የትኛው ትምህርት ይከብደዋል? ስንት ቀን ቀርቷል?» ብሎ መጠየቅ ይቻላል። ልጁ ሰሌዳውን ለማየት ዓይኑን የሚያጨፈግግ፣ መጽሐፉን ከፊቱ አስጠግቶ የሚይዝ ወይም ሲጠሩት ደጋግሞ የማይሰማ ከሆነ ደግሞ ሰነፍ ከመባሉ በፊት ጤና ጣቢያ ወስዶ ማስመርመር ያስፈልጋል፤ ውጤቱ እስኪታወቅም መምህሩ ከፊተኛው ወንበር እንዲያስቀምጠው ይነገረው።